ሁለት ጠጠር በጣሳ ሥር

ጥቅምት 3

ወንድም ጋሼ፣

እንደምን ሰነበትክ ብዬ እጀምራለሁ እንጂ መልሱን አልጠብቅም፤ ዶዘርህ ላይ ተቀምጠህ አቧራ እስከቃምክ ድረስ ደህና እንደሆንክ አውቃለሁ። እኛም ደህና ነን። «ደህና» የምለውን ግን እንደ ድሮው አታንብበው።

አምፖሉን አሠርተሽዋል ወይ ላልከው፣ አምፖሉ መች ተበላሸና። እማዬ አመሻሽ ላይ ወንበር ላይ ትወጣና «እፍ» ትለዋለች። አልጠፋ ሲላት ትበሳጭና በጨርቅ ጠቅልላ ትነቅለዋለች። ማብሪያ ማጥፊያውን ባሳያት ዳበስ ዳበስ አድርጋ «ግድግዳ ነው እኮ» አለችኝ፣ እንደ ሞኝ እያየችኝ። ሳቄ መጣ። እሷም ሳቀች። የሳቅነው ግን በየራሳችን ነገር ነው።

ሐኪሙ አስቀድሞ ነግሮናል፤ መርሳቱንም ለምጄዋለሁ። ያልለመድኩት ሌላ ነገር ነው። ስጠራት «አቤት» ወይም «ደግሞ ምን ፈለግሽ» ነበር የምትለኝ። ካለፈው ወር ወዲህ ከስፌት መኪናዬ ሳልነሳ «እማዬ!» ስላት «እመት!» ትለኛለች። አዎ፣ እመት። ድሮ ወንድ ለጠራው ሰው «አቤት»፣ ትልቅ ሴት ለጠራችው «እመት» ብሎ ይመልስ ነበር ሲሉ ሰምተን ይሆናል እንጂ በእኛ ቤት ማን ብሎት ያውቃል? እሷው አይደለች እንዴ ለሁሉም «አቤት» በሉ ብላ በቁንጥጫ ያሳደገችን? ደግሞ ስትመልስልኝ ድምጿ እንደ ልጅ ይቀጥናል። ከዚያ እጇን አጣምራ ትመጣና ፊቴ ትቆማለች፤ ልትታዘዘኝ።

ሌላው የጣሳው ነገር ነው። ውሃ የምንቀዳበትን ጣሳ ወስዳ በመግቢያው በር ሥር፣ ከውስጥ በኩል ደፍታዋለች። ከሥሩ ሁለት ጠጠር አስቀምጣለች። በሩን የሚገፋ ሰው ጣሳውን ይመታዋል፣ ጣሳው ይገለበጣል፣ ጠጠሮቹም ወለሉ ላይ ይንኳኳሉ። የልጆቻቸውን ዩኒፎርም ሊወስዱ የሚመጡት ደንበኞቼ በድንጋጤ ይዘላሉ። እሷ ሮጣ ትመጣና ፊታቸውን አይታ «አይደሉም» ትላለች፤ ጠጠሮቹን ለቅማ ጣሳውን መልሳ ትደፋዋለች።

«ምንድን ናቸው እማዬ?» አልኳት።

«ያልገቡት ናቸው» አለችኝ። «አንዱ የልጁ፣ አንዱ የልጅቷ። ሲገቡ አነሳላቸዋለሁ።»

አንዱ ያንተ ነው፤ እሱ ገባኝ። አንዱ ግን የእኔ ነው፣ ጋሼ። እኔ ቤት ነኝ! ብወጣም ክር ልገዛ ነው የምወጣው። ለእሷ ግን ልብስ ሰፊዋ ነኝ፤ ልጇ ገና ከውጭ አልገባችም። ያቺን ጠጠር በገዛ እጇ ካላነሳችልኝ ዕረፍት የለኝም። ሌላ ምንም አልፈልግም፣ ይቺን ብቻ ነው የምፈልገው።

እባክህ ና። ሁለታችንን አንድ ላይ ስታየን ትዝ ይላት ይሆናል።

በልጅነታችን እንዲህ ታደርግ ነበር ወይ ብለሃል። የለም፣ አድርጋ አታውቅም። መስኮት ላይ ተደፍታ ነበር የምትጠብቀን፤ ስንገባም በጫማ ነበር የምትቀበለን።

እህትህ


ጥቅምት 21

ድምቡሼ፣

ደብዳቤሽ ከቀለብ መኪናው ጋር ደረሰ። ሾፌሩ ከሽንኩርቱ ጋር አንድ ከረጢት ውስጥ ከቶት ስለነበር ሳነበው ያስለቀሰኝ ሽንኩርቱ ነው። ለጓደኞቼም እንዲሁ ብያቸዋለሁ፤ አንቺም እንዳታሳጪኝ።

ሹራቡ ልክ ነው። እጅጌው ብቻ ለዝንጀሮ የተሠራ ይመስላል፤ ለብርዱ ግን ጥሩ ነው፣ ጓንት አያስፈልገኝም። እጅሽ ይባረክ።

መቼ ትመጣለህ ነው ጥያቄሽ። አለቃችን መንገዱ ከዝናቡ በፊት ድልድዩ ጋ መድረስ አለበት ይላል፤ ዶዘር የሚነዳ ሌላ ሰው ደግሞ የለም። ይህ እንግዲህ ለሰው የምነግረው ነው። ለአንቺ እውነቱን ልንገርሽ፤ ፈርቼ ነው። መጥቼ በሩን ስገፋ፣ ጠጠሩ ሲንኳኳ፣ ሮጣ መጥታ ፊቴን አይታ «አይደለም» ብትለኝስ? አንቺ ያንን በየቀኑ ትሰሚያለሽ። እኔ አንድ ጊዜ እንኳን የምችለው አይመስለኝም። ወንድ ልጅ ነኝ ብዬ ደረቴን የምነፋውን ትተሽ እንዲህ እወቂኝ።

እዚህ ሥራው ለጊዜው በእኔ ጦስ ቆሟል። አንዱን ጉብታ ስገፋው የዶዘሩ ምላጭ ድንጋይ ነካና ከሥሩ ንጣፍ ወጣ፤ ሰው የነጠፈው ወለል። የቁፋሮ ሰዎች መጡ። ሲባጎ ዘረጉ፤ ይኸው አሁን በጥርስ ብሩሽ መሬት ይፍቃሉ። ቤት ነው አሉ። ስንት መቶ ዓመት እንደሆነው ግን ገና አልተስማሙም።

ድምቡሼ፣ እኔ ቤቱ ትልቅ ነገር መስሎኝ ነበር። ተራ ቤት ነው። የእኛን ሳሎን ያክላል። ሦስት ጉልቻ ጥቀርሻው ሳይለቅ ተቀምጧል። ጉልቻ ቢለዋወጥ ወጥ አያጣፍጥም ይባል የለ? እነዚህን ማንም አልለዋወጣቸውም፤ እንደተጎለቱ ቀርተዋል። የበሩ ደፍ ደግሞ መሃሉ ተበልቷል፣ ልክ እንደኛ ቤት ደፍ፣ ወደ ግራ አዘንብሎ። ማንም ሳያየኝ እግሬን አሳረፍኩበት። ልክ መጣልኝ።

ከበሩ ኋላም አንድ ነገር አለ፤ ገና አፈሩ አልተነሳለትም። ሲነሳ እጽፍልሻለሁ።

እማዬን ሳሚልኝ። ማን ነው የላከልኝ ካለች፣ እንጃ፣ አንድ ሰውዬ በያት።

ወንድምሽ


ኅዳር 9

ጋሼ፣

በሾፌሩ እጅ የላክሃት ብጣሽ ወረቀት ደረሰችኝ። ሰላምታ የላት፣ እንዴት ናችሁ የላት፤ አንዲት ጥያቄ ብቻ። እንዲህም አድርጎ ደብዳቤ የለ!

እሺ፣ ልመልስልህ። አንዷ ጠጠር ነጭ ናት፣ እንደ ወተት ጥርስ። ሌላው ጉበት ይመስላል። ሁለቱም ለስላሳ ናቸው፣ ወንዝ ያሻቸው ዓይነት። ከየት እንዳመጣቻቸው አላውቅም፤ በሰፈራችን ያለው የግንባታ ጠጠር ነው፣ ሹል ሹሉ። ነጯ የልጅቷ ናት፣ ጉበት መሳዩ የልጁ። አሁን አንተ ደግሞ ንገረኝ፤ ቀለማቸውን ለምን ጠየቅኸኝ? ነገር ስትደብቅ ጽሕፈትህ እንደሚተልቅ ከትምህርት ቤት ጀምሮ አውቃለሁ።

አንድ ዘዴ ሞክሬ ነበር፤ አትሳቅብኝ። በጓሮ ወጥቼ ቤቱን ዞርኩና፣ ቦርሳዬን አንጠልጥዬ፣ ከሩቅ እንደመጣ ሰው በፊት ለፊት በር ገባሁ። ጣሳው ተገለበጠ፤ እሷም ሮጣ መጣች።

«እማዬ፣ ገባሁ!» አልኳት፣ እጄን ዘርግቼ።

ከእግር እስከ ራሴ አየችኝና «አንቺማ ከቤት ነሽ» አለችኝ። «ለምን ሰው ታስደነግጫለሽ?» ጎንበስ ብላ ጠጠሮቹን ለቀመች። በሁለቱም ላይ ጣሳውን መልሳ ደፋችባቸው። እኔ ቦርሳዬን ይዤ በሩ ላይ ቆሜ ቀረሁ። ወደ ስፌቴ ተመለስኩና የአንድ ልጅ ሱሪ ኪስ በግልባጩ ሰፋሁ።

ባለፈው ሳምንት ደግሞ እሳት ልትጭር ወጣች። እውነቴን ነው። የተሰበረ የአበባ ማስቀመጫ ስባሪ ይዛ ጎረቤታችን ፋርማሲስቷ ቤት ሄደች። «የኔ ልጅ፣ እሳቴ ጠፍቶብኝ ነው፤ ፍም ካለሽ ልጫር» አለቻት። ሴትዮዋ ግራ ገብቷት ክብሪት ሰጠቻት። እማዬ ክብሪቱን ጆሮዋ ሥር ነቅነቅ አድርጋ ሰማችው። «ይሄ ደግሞ ምንድን ነው?» ብላ በትሕትና መለሰችላት።

«እሳት ልትጭሪ ነው እንዴ የመጣሽው? ተቀመጪ እንጂ!» እያለች ለሚቸኩል እንግዳ የምትቀልደው እማዬ አልነበረችም? አባባል ነበር እኮ! እማዬ የተወለደችው ምድጃው በጋዝ በሚነድበት ቤት ነው። አያታችንም እንደኔው ልብስ ሰፊ ነበሩ፤ የበራቸውን ቁልፍ አንገታቸው ላይ አንጠልጥለው የሚዞሩ ሰው እንጂ ጠጠርና ጣሳ አያውቁም። መጀመሪያ ልጅነቷ ድረስ የምትመለስ መስሎኝ ነበር። ልጅነቷን አልፋ ሄዳለች፣ ጋሼ። ሰው ያየውን ይረሳል፤ እሷ ያላየችውን ማስታወስ ጀምራለች።

ሰሞኑን ደግሞ ማንም ሳይጠራት «እመት!» ብላ መመለስ ጀምራለች። ክር ስታስገባልኝ ግን ያው ናት። ጫፉን በምላሷ ታረጥባለች፣ ትርፉን በጥርሷ ትቆርጣለች። መርፌውን ስትሰጠኝ «እጅሽ ደርቋል፣ ቅባት ቀቢው» ትለኛለች፣ ድሮ እንደምትለኝ። ለልብስ ሰፊዋ ነው የምትለው፤ ለእኔ አይደለም። ቢሆንም እሄድና እቀባለሁ።

እህትህ


ኅዳር 27

ድምቡሼ፣

ጽሕፈቴ ከተለቀ ይቅርታ፤ አሁን የምደብቀው ነገር የለኝም።

ከበሩ ኋላ የነበረው ማሰሮ ነው። የሸክላ፣ ትንሽ፣ አንድ ሰው ውሃ የሚጠጣበት ዓይነት። ከውስጥ በኩል፣ በሩ ሲከፈት በሚነካው ቦታ ላይ ተደፍቷል። የቁፋሮው ኃላፊ ሴት ናት፣ ዶክተሯ ነው የምንላት። እንደ ጨቅላ ልጅ በሁለት እጇ ይዛ አነሳችው። ከሥሩ ሁለት ጠጠር አለ። አንዱ ነጭ፣ አንዱ ጉበት የመሰለ።

ብጣሿን ወረቀት የጻፍኩልሽ ያን ቀን ነው። ሌላ ነገር ልጽፍ ስል እጄ እምቢ አለኝ።

ዶክተሯ መጫወቻ ይሆናል አለች። ረዳቷ ደግሞ የአምልኮ ነገር ነው አለ። እኔስ ምን ልበላቸው? «የለም፣ ልጆቹ ገና ስላልገቡ ነው» ልበላቸው? ከየት አወቅህ ቢሉኝስ? ጠጠሮቹን የመስታወት ክዳን ባለው ሣጥን ከተው ድንኳን ውስጥ ቆልፈውባቸዋል። ያ ወለል በአፈር ከተሸፈነ ስድስት ሰባት መቶ ዓመት ሳይሆነው አይቀርም ይላሉ።

ዓመቱ አይደለም ያስጨነቀኝ። ማሰሮው እንደተደፋ መገኘቱ ነው። እማዬ «ሲገቡ አነሳላቸዋለሁ» አይደል ያለችሽ? ያችኛዋ ግን አላነሳችማ! የዚያ ቤት ልጆች አልገቡም። ቀኑን ሙሉ ዶዘሬ ላይ ተቀምጬ ስለማላውቃት ሴትዮ አሰብኩ። ጉልቻው ላይ የጣደችው እስኪበርድ በሩን ስታይ። አሁን ይመጣሉ፣ አሁን ይመጣሉ ስትል። ለሞተ ሰው ሳይሆን በሕይወት ላለች ጎረቤቴ እንዳዘንኩ ነው ያዘንኩላት።

ማንም ሳይጠራት መመለስ ጀመረች ያልሽውን ደጋግሜ አነበብኩት። አንቺ ስትጠሪያት «እመት» ካለች ምንም አይደለም፣ እሺ በያት። ማንም ሳይጠራት ከተነሳች ግን ያዣት፤ ለምን እንደሆነ አትጠይቂኝ። የዚህን ቤት ነገር ደግሞ አደራሽን፣ እንዳትነግሪያት።

የአረጋውያን መጦሪያውን ነገር አስቢበት። ቢያንስ በሩ ዘበኛ አለው።

ወንድምሽ


ታኅሣሥ 15

ወንድም ጋሼ፣

ይቅርታ አድርግልኝ፤ ነገርኳት። አደራ በላ ነኝ፤ የፈለግኸውን በለኝ።

ድንች እየላጠች ነበር። ልጅሽ መንገድ ሲሠራ አንድ የድሮ ቤት አገኘ፣ ከበሩ ኋላ የተደፋ ማሰሮ አለው አልኳት። ትዝ ይለኛል ብትል፣ ወይም ብትስቅ፣ ወይም ዝም ብትል አይገርመኝም ነበር። እሷ ቢላዋውን አስቀመጠችና

«ማሰሮው አልተሰበረም?» አለችኝ።

«አልተሰበረም።»

«ደግ። ነጩ የእኔ ነው» አለች፤ ቀጥላም መስኮቱን አየችና አይኗ እንባ ሞላ። «በጣም አመሸሁ። ትቆጣኛለች።»

ጋሼ፣ ፀሐይዋ አናት ላይ ነበረች።

አሁን የሚጠራት ሰው አለ፤ ሁልጊዜ ምሳ ሰዓት ላይ ነው። ማን እንደሚጠራት አላውቅም። አንገቷን ቀና ታደርግና «እመት!» ትላለች፣ በዚያ በቀጭኑ ድምፅ። ከዚያ «መጣሁ!» ትልና ወደ በሩ ትሄዳለች። ቀሚሷን እይዛታለሁ። «ማን ነው የጠራሽ?» ስላት «እናቴ» ትለኛለች። አያታችን እንዳይመስልህ፤ ስማቸውን ጠርቼ ጠይቄያታለሁ። «እሷን አላውቃትም» አለችኝ። «ጠጠሬን ያስቀመጠችዋ ናት።»

ከዚህ በኋላ የምትናገረው አብዛኛው አይገባኝም። ቃላቱ የእኛ ቋንቋ ይመስላሉ፣ ግን እንደ ታጠበ ጽሑፍ ናቸው፤ አንዱ ይነበባል፣ ሦስቱ አይነበቡም። ትናንት የደንበኛዬ ሕፃን እዚህ ሲያለቅስ አንስታ አዘለችውና እሹሩሩ አለችው። ዜማው ያው እኛን ያስተኛችበት ነው። ቃሉ ግን አንዱም የማውቀው አይደለም። ልጁ ወዲያው ተኛላት። እኔም መኪናዬን አቁሜ አዳመጥኩ፤ እኔንም እንቅልፍ ወሰደኝ ብልህ ታምነኛለህ?

መጦሪያ ያልከው አይሆንም። ዘበኛ የሚያስቀረው ነገር አይደለም ይሄ። ደግሞ ከዚህ ቤት ካወጣኋት ጠጠሬን የት ሆና ታነሳልኛለች?

አንድ ነገር እፈራለሁ። እሷም የሰው ልጅ ናት፤ እናቷ ከጠራቻት ትሄዳለች። እኔ ግን ከመሄዷ በፊት መግባቴን እንድታውቅልኝ እፈልጋለሁ። ስስት ከሆነ ስስት ነው በለው።

መንገዱ ይቆይ፣ ጋሼ። መንገድ የሚሠራው ሰው ወደ ቤቱ እንዲገባበት አይደል እንዴ? ወስን በቃ።

እህትህ


ጥር 2

ድምቡሼ፣

መጣሁ። ተተኪው ሾፌር ነገ ይደርሳል፣ አለቃም እያጉረመረመ ፈርሟል። ይህን ደብዳቤ ይዞልሽ ከሚመጣው የቀለብ መኪና ላይ እኔም እጫናለሁ፤ ታዲያ ምን ያስጽፍሃል ካልሽኝ፣ ሳልነግርሽ ማደር ስላልቻልኩ ነው።

ዛሬ ምሳ ሰዓት ላይ፣ በጉብታው ጎን አዙረን የጀመርነውን መንገድ ስገፋ፣ ተጠራሁ። የዶዘሩን ሞተር ታውቂዋለሽ፣ አጠገቤ ያለ ሰው ቢጮህ አልሰማም። ይህን ግን ሰማሁት። የእማዬ ድምፅ ነው። «አባዬ! ግባ እንጂ፣ ቀረበ እኮ!» ድሮ ኳስ ሜዳ ድረስ እንደምትጠራኝ፣ መጨረሻውን ሳብ አድርጋ። አፌ ቀደመኝና «እመት!» አልኩ። በሕይወቴ ብዬው የማላውቀውን ቃል! ሳትነግሪኝ በፊት ትርጉሙን እንኳ በቅጡ አላውቀውም ነበር።

ከዚያ ሞተሩን ማጥፋቴ ትዝ አይለኝም። ዘበኛው «ኧረ አንተ ሰውዬ፣ ወዴት ነው!» ብሎ ሲጮህብኝ ያ ደፍ ላይ ቆሜያለሁ። አንድ እግሬ ውስጥ ነው። ሲባጎው ላይ እንዴት እንደተሻገርኩ እንጃ። ምግብ ሸተተኝ፣ ድምቡሼ፤ ትኩስ ምግብ። ራበኝ፣ እንደ ልጅ ራበኝ።

ወደ ኋላዬ ስመለስ ድንኳኑ ተተራምሷል። ዶክተሯ ሣጥኑን ከፍታ ነጩን ጠጠር አጥታዋለች። ቁልፉ አልተሰበረ፣ መስታወቱ አልተነቃ። ሁላችንንም ኪሳችንን አስገልብጣ ፈተሸችን። ጉበት መሳዩ ብቻውን ቀርቷል።

ድምቡሼ፣ እማዬ እንዴት ናት? ዛሬ፣ በምሳ ሰዓት፣ ምን ስታደርግ ነበር? መልሱን እዚያው መጥቼ እሰማዋለሁ። በሩን ብቻ አትቆልፊው።

ወንድምሽ


ጥር 8

ወንድሜ፣

በአካል ልነግርህ ነበር የተዘጋጀሁት። እንዲህ ያለ ወሬ በደብዳቤ አይነገርም ይላሉ፤ እኔ ግን ሌላ ምርጫ የለኝም።

እማዬ የለችም። በጻፍክልኝ በዚያው ቀን፣ በዚያው ሰዓት።

ጧት ክር አስገባችልኝ። መርፌውን ሰጠችኝና እጄን ሳትለቀው ቆየች፤ አገላብጣ አየችው። «ትቀቢያለሽ ማለት ነው» አለችኝ። «ለስልሷል።» ያን ያህል ጥርት ያለ ነገር ከተናገረች ስንት ጊዜዋ! ከዚያ እኔ ወደ ኋላ ክፍል ገባሁ፤ ለጥቂት ደቂቃ ነው፣ ጨርቅ ላነሳ። «እመት!» ስትል ሰማሁ። በሩም ሲከፈት ሰማሁ። ጣሳው ግን አልጮኸም። ስደርስ ደፉ ላይ ተቀምጣለች፣ መቃኑን ተደግፋ፣ የሰፈር ልጆች ሲጫወቱ እንደምታይ። ፊቷ ላይ ከልጅነታችን ጀምሮ አይቼው የማላውቅ ነገር አለ። ሰው ሲቆጡት ቆይተው ይቅር ሲሉት የሚታይበት ፊት ነው።

ጣሳው ከቦታው አልተነቃነቀም፤ አንስታ፣ መልሳ፣ በወጉ ደፍታዋለች። ገልጬ አየሁ። ጉበት መሳዩ ብቻ ነው ያለው። ነጩ እጇ ውስጥ ነበር፣ ጭብጥ አድርጋው።

አሁን ምን ልትለኝ እንደምትችል አውቃለሁ። ነጩ የእኔ ነው ብላ የለ፣ የራሷን ጠጠር ይዛ ወደ እናቷ ሄደች ትለኛለህ። ከሣጥኑ የጠፋው ይኸው ነው ትለኛለህ። አልሰማህም! የእኔ ነው። በገዛ እጇ አነሳችልኝ። ገብቻለሁ፣ ጋሼ፤ እማዬ መግባቴን አውቃ ነው የሄደችው። ይህንን ማንም አይወስድብኝም፣ አንተም ብትሆን።

እርምህን እዚህ መጥተህ ታወጣለህ። አሁን ስለ አንተ ነው የምጨነቀው።

የቀለብ መኪናው ትናንት ደረሰ። ሾፌሩ ደብዳቤህን ሰጠኝ፤ ሻንጣህንም አወረደልኝ። አንተን አላወረደም። ሻንጣውን ከጫንክ በኋላ «አንድ ጊዜ ጠብቀኝ፣ ለምሳ እየጠሩኝ ነው» ብለኸው ወደ ጉብታው ስትሄድ አይቶሃል። ጡሩምባ ነፋ፤ አልመጣህም። በሌላ መኪና ይከተላል ብሎ ተነሳ። ዛሬ ወደ ካምፑ ይመለሳልና መንገድ ላይ ካገኘህ ይሰጥህ ብዬ ነው ይህን የምጽፈው።

ስማኝ። ያችን የጉብታውን ቤት ሴትዮ አልጠላትም። ልጇ እንድትገባላት ስትጠብቅ የኖረች እናት ናት፤ የእኛም እናት ብትሆን እንዲሁ ነበር የምታደርገው። ግን አንዷን አግኝታለች፤ ይበቃታል። አንተ የእኛ ቤት ልጅ ነህ። ያንተ ጠጠር እዚህ ጣሳ ሥር ነው፣ እኔ አልነካሁትም። ብትጠራህ «እመት» አትበል፣ «አቤት»ም አትበል። ምግቡ ቢሸትህም ረሃብህን ዋጥ አድርገው፤ እዚህ ሾርባ ጥጄልሃለሁ። ከጨው በቀር ምንም አይጎድለውም፤ ጨው ማብዛት የአንተ ሥራ ነው።

ሾፌሩ መኪናውን እያሞቀ ነው፤ ልጨርስ።

ቆይ።

አሁን፣ ይህችን መስመር ስጽፍ፣ ከደጅ ሰው ጠራኝ። «ድምቡሼ!» አለ። ድምፅህ ነው። በዓለም ላይ ከአንተ በቀር በዚህ ስም የሚጠራኝ የለም። ብድግ ብዬ ነበር፤ መልሼ ተቀመጥኩ። ደግሞ ጠራኝ። በመስኮት የማየው የሾፌሩን መኪና ብቻ ነው።

አልመለስኩልህም፣ ይቅር በለኝ። አንተ ከሆንክ የሰው ቤት ይመስል ደጅ ቆመህ ምን ያስጠራሃል? ቤትህ እኮ ነው። በሩ አልተቆለፈም። ግፋው ጋሼ፤ ጠጠርህ ሲንኳኳ ልስማው።